ድንጋይ የሌለው ኮክ

ሳን ራፋኤል፣ ዲሴምበር 16 ቀን 2008

ውድ ኔሊዳ፣

እዚያ በረዶ ነው ብለሽኛል፤ እዚህ ግን ከአንዲስ የሚወርደው ትኩስ ነፋስ ሰሞኑን መቀመጫ አሳጥቶናል። ኦፌሊያ በየመስኮቱ ስንጥቅ እርጥብ ጨርቅ ስትወትፍ ሰነበተች። ይህ ነፋስ ሲነሳ ራሷን ያማታል፤ ራሷን ሲያማት ደግሞ ጥፋቱ ምንጊዜም የባሏ ነው። ከዚህ በቀር ሁለታችንም በሕይወት አለን፤ በኛ ዕድሜ ደህና ማለት ይኸው ነው።

መልስ በማዘግየቴ ይቅር በይኝ። በኮምፒውተር ቢጽፉልኝ ባንድ አፍታ ይደርሰኝ ነበር እንደምትዪ አውቃለሁ። ቶሎ የደረሰ ቃል ቶሎ ያስቀይማል፤ ለኔ ፖስታው ይበቃኛል። ስልኩንም ጆሮዬ ከከዳኝ ወዲህ ትቼዋለሁ።

ፈተናው እንዴት ነበር ላልሽው፣ አለፈ። እንደ ወትሮው ሦስት መምህራን ተቀምጠን የኒውክሊየር ፊዚክስ ተማሪዎቼን በቃል ጠየቅናቸው፤ አብዛኞቹ እንደሚገባ መለሱ። ሌላ የሚወራ ነገር የለውም።

ኮኩ አሁንም አለ ወይ ብለሽ መጠየቅሽ ግን አሳቀኝ። አለ እንጂ። አንቺ ተማሪ ሳለሽ እንደማደርገው፣ ዘንድሮም በመጀመሪያው ቀን ከጓሮዬ የበሰለ ኮክ ቀጥፌ ክፍል ገባሁ። ጥርሴ ከውስጡ ድንጋይ ጋር እስኪጋጭ ገመጥኩና፣ ፕሮቶንና ኒውትሮን ከሩቅ ይሳሳባሉ፣ አጥብቀው ሲቀራረቡ ግን እንዲህ ያለ ድንጋይ ይገጥማቸዋል፣ ይህ ድንጋይ ባይኖር ዓለም በሙሉ ወደ ውስጡ ተጨፍልቆ ባለቀ ነበር አልኳቸው። ተማሪ ስሌቱን ይረሳል፤ ኮኩን አይረሳም።

እግረ መንገዴን አንድ ነገር ልጠይቅሽ። በቀደም የማቴ ሻይ ስንጠጣ አንድ ባልደረባዬ «ያ ድንጋይ በልኬት የሚገኝ ነገር አይደለም» የሚል ወሬ አመጣ። አውሮፓ ውስጥ ዛሬ ለከፍተኛ ተማሪዎች እንዲህ ነው የሚያስተምሩት ይላል። ምን ለማለት ፈልጎ እንደሆነ፣ ካልደከመሽ በሁለት መስመር ጻፊልኝ። አስቸኳይ አይደለም።

ኦፌሊያ ሹራብ ልኬልሻለሁ በልልኝ ብላኛለች። አትጠብቂው፤ ገና ክሩም አልተገዛም።

አንሴልሞ ኡርኪዛ


ዳርምሽታት፣ ጃንዋሪ 5 ቀን 2009

የተከበሩ ዶን አንሴልሞ፣

አዲሱ ዓመት ለእርስዎና ለዶኛ ኦፌሊያ የጤና ይሁን። ደብዳቤዎ የደረሰኝ ከበዓሉ በፊት ነበር። መልሱን ደጋግሜ ጀምሬ ደጋግሜ ስለቀደድኩት ዘገየሁ፤ ይቅርታዎን።

ለምን እንደቀደድኩት ይገባዎታል። ባልደረባዎ የተናገረው ወሬ አይደለም።

በሁለት መስመር ባይሆንልኝም ልሞክር። ከተራራው ጫፍ ቆመው የሳን ራፋኤልን የወይን እርሻ ሲያዩ አረንጓዴ ምንጣፍ እንጂ ቅጠል አይታይዎትም። ከዚያ ርቀት ላይ ሆነው የእርሻውን ሥዕል ቢሥሉ፣ ቅጠሎቹን እንደፈለጉ ሊያደርጓቸው ይችላሉ፤ ከተራራው የሚያየው ሰው ልዩነቱን አያውቅም። ኒውክለስንም የምናየው በተወሰነ ጥራት ነው። ከዚያ ጥራት በታች ያለውን ነገር በድንጋይ መሥራት ይቻላል፣ ያለ ድንጋይ መሥራትም ይቻላል። መሣሪያዎቻችን የሚለኩት ነገር ሁሉ እኩል ይወጣል። ስለዚህ ድንጋዩ የሥዕሉ ነው እንጂ የእርሻው ነው ማለት አይቻልም። ድንጋዩን ስናወጣው ግን በነጻ አይደለም፤ ሁለት ሁለቱን ብቻ ማየት አይበቃም፣ ሦስት ሆነው ሲገናኙ ብቻ የሚታይ ኃይል መጨመር ግድ ይላል። ባለፈው ክረምት ለዶክትሬት ተማሪዎች ያስተማርኩት ይህንኑ ነበር። ትምህርትዎ ስህተት ነበር እያልኩ አይደለም፤ አንዱን ሥዕል ብቻ ነው የሚያሳየው።

ሌላ ጉዳይ አለኝ። ከክፍልዎ አይሌን ሪቬሮስ የምትባል ተማሪ በሴፕቴምበር ጽፋልኝ ማስታወሻዎቼን ልኬላት ነበር። ጥሩ ጥሩ ጥያቄ ስትጽፍልኝ ቆይታ ከፈተናው ወዲህ ድምጿ ጠፋ። ደህና ናት?

ባልደረባዎስ ማን ነው? እዚያ እንዲህ ያለ ነገር የሚያነብ ከፔራልታ በቀር አላስታውስም፤ እሱ ደግሞ ዲን ከሆነ ወዲህ ከእግር ኳስ ገጽ አልፎ አያነብም ያሉኝ እርስዎ ነዎት።

በአክብሮት፣
ኔሊዳ ሳልጋዶ


ሳን ራፋኤል፣ ጃንዋሪ 22 ቀን 2009

ኔሊዳ፣

ባልደረባ የለም። ማቴ ስንጠጣ የተወራም ነገር የለም። የተናገረችው አይሌን ሪቬሮስ ናት፤ የተናገረችውም ፈተናው ላይ፣ በኔ፣ በፔራልታና በሌላ አንድ መምህር ፊት ቆማ ነው።

ደህና ናት ወይ ብለሽኛል። አላውቅም። ተቋሙን ትታ ወጥታለች።

እንዴት እንደሆነ ልንገርሽ። የማላርጉዌ ልጅ ናት፤ ድምጿ ዝግ ያለ፣ ክፍል ውስጥ ካልጠየቋት የማትናገር። ለማሟሻ ለሁሉም የማቀርበውን ቀላል ጥያቄ አቀረብኩላት፤ ኒውክለስ በራሱ መሳሳብ ተጨፍልቆ እንዳያልቅ የሚያደርገው ምንድን ነው አልኳት። መልሱን ሁሉም ያውቀዋል፤ ኮኬን ያየ አይስተውም። እሷ ጠመኔውን እንደያዘች፣ «በምን ያህል ጥራት እንደምናየው ነው የሚወሰነው፣ ፕሮፌ። ድንጋዩ ያለበት ስሌት አለ፣ የሌለበትም አለ። ሁለቱም የሚለካውን እኩል ይሰጣሉ» አለች።

ሳቅሁ። የክፋት ሳቅ አልነበረም ብዬ ልጽፍልሽ ነበር፤ ግን ኦፌሊያ ከኋላዬ ቆማ እያነበበች ነው። የክፋት ነበር። «ታዲያ የኔን ጥርስ የሸረፈው ምን ይሆን?» አልኩ። ፔራልታ ጠረጴዛውን እየደበደበ ሳቀ። በሩ ክፍት ስለነበር ውጭ ተራ የሚጠብቁት ጓደኞቿም ሳቁ። ልጅቷ ፊቷ ደም ለበሰ። ሰሌዳው ላይ የጻፈችውን በእጅጌዋ አጠፋችና «ተሳስቻለሁ፤ ድንጋዩ ነው» አለች። ከዚያ ወዲያ የጠየቅናትን ሁሉ አደባለቀችው። ከአሥር ሁለት ሰጠኋት። ቦርሳዋን አንስታ፣ አመሰግናለሁ ብላ ወጣች።

አሁን አንቺ ልክ ነበረች ትዪኛለሽ። ይሁን። ግን የሚያውቅ ሰው ያወቀውን ባንድ ሳቅ ይጥላል? ያንቺን ማስታወሻ ሸምድዳ መጥታ እንደሆነስ? ፈታኝ የሚፈርደው በሰማው ነው፤ እኔ የሰማሁት «ተሳስቻለሁ» የሚለውን ነው።

አንቺስ? አይተሻት ለማታውቂ ልጅ የላክሽውን ማስታወሻ ለኔ ለምን ነፈግሽኝ? ለእረፍት በመጣሽ ቁጥር የክፍል ወረቀቶቼን አገላብጠሽ «ዛሬም እንደ እርስዎ የሚያስረዳ አላየሁም» ስትዪኝ ነበር። እኔም ቃልሽን አምኜ በሰው ልጆች ፊት ኮክ ስገምጥ ኖርኩ።

ኡርኪዛ


ዳርምሽታት፣ ፌብሩዋሪ 9 ቀን 2009

የተከበሩ ዶን አንሴልሞ፣

ደብዳቤዎም፣ ተከትላው የመጣችው አጭር ወረቀትም ደርሰውኛል። በወረቀቷ ላይ ላቀረቡልኝ ጥያቄ መልሴ ይህ ነው፦ ማንም አልሳቀብዎትም። ከእርስዎ ጋር የተማርን ስንገናኝ ስለ ኮኩ እናወራለን፣ በፍቅር ነው የምናወራው። አንዳችንም ግን «አንድ ሰው ይንገራቸው እንጂ» ከማለት አልፈን አናውቅም። ያ አንድ ሰው እኔ መሆን ነበረብኝ።

ለምን ነፈግሽኝ ላሉኝ፣ ይሉኝታ ከማለት ሌላ የምሰጠው ስም የለኝም። ሰሌዳ ፊት እንዴት እንደሚቆም ያስተማረኝን ሰው «ትምህርትዎ አርጅቷል» ልበል? እያንዳንዱን እረፍት፣ ዘንድሮ እነግራቸዋለሁ ብዬ እመጣለሁ። ዶኛ ኦፌሊያ ሥጋ የተሞላ ኢምፓናዳ ትጋግራለች፣ እርስዎ ወይን ይከፍታሉ፣ ወረቀቶቹን ከፊቴ ያስቀምጣሉ። አያቸዋለሁ፤ አመሰግናለሁ፤ ወደ አውቶቡሴ እሄዳለሁ።

የማያውቁት ደግሞ አለ፤ ከእኔ ይስሙት። የዛሬ ሁለት ዓመት ፔራልታ ስለ ትምህርትዎ የውጭ ሰው አስተያየት ፈልጎ በምስጢር ጽፎልኝ ነበር። ልብ ላለው፣ ትምህርቱን ለማደስ ጥሩ አጋጣሚ ነበረ። እኔ «በዘርፉ ከሚሰጡት ሁሉ የተሻለ፣ ምንም ሊነካ የማይገባው» ብዬ መለስኩ። እርስዎን ከውርደት ያዳንኩ መስሎኝ ነበር። ስፈርምበት እንኳ እጄ አላመነታም።

የመጨረሻው ከሁሉ ይብስብኛል። አይሌን ከፈተናው በፊት፣ ይህን ብናገር ዶን አንሴልሞ ይቆጡ ይሆን ብላ ጠይቃኝ ነበር። እሳቸው አዲስ ሐሳብ ይወዳሉ፣ አትፍሪ አልኳት። እኔ ፊትዎ ቆሜ ለመናገር የፈራሁትን በአንዲት ልጅ አፍ ላክሁ።

አልሸመደደችም። ከማስታወሻዬ ውስጥ እኔ ያላየሁትን ስህተት አግኝታ ያረመችኝ እሷ ናት።

የምለምንዎት አንድ ነገር ነው። የእኔን ቃል አይመኑ፤ ከእንግዲህ የሚታመን አይደለም። ከሁሉ ቀላሉን ኒውክለስ ይውሰዱ፤ አንድ ፕሮቶንና አንድ ኒውትሮን ብቻ ያለውን። በሁለቱም መንገድ ራስዎ ያስሉት። የሚያስፈልገውን ቁጥር ከዚህ ጋር አያይዤያለሁ።

ኔሊዳ


ሳን ራፋኤል፣ ፌብሩዋሪ 27 ቀን 2009

ውድ ኔሊዳ፣

ባለፈው ሰላምታ ነፍጌሽ በቤተሰብ ስሜ ብቻ መፈረሜን እርሺልኝ። አንቺ የደበቅሽኝን ነግረሽኛል፤ ተቀይሜሽም አልቀረሁ። በይሉኝታ የዋሸሽው ለምን እንደሆነ ይገባኛል፤ እውነት የተናገረ ሰው ከኔ ምን እንደሚያገኝ አይሌን አሳይታናለች።

ስሌቱን ሠራሁት። ድንጋዩ ባለበትና በሌለበት ሁለቱን አስተሳስሮ የሚይዘው ጉልበት ያው ሆኖ ወጣ። ውስጡን ስትመለከቺ ግን አንደኛው ሥዕል መሃሉ ላይ ጎድጓዳ ነው፣ ሌላው ሙሉ ነው። የትኛው ነው እውነተኛው ብዬ ወረቀቱን ብጠይቀው ዝም አለኝ። እኔም ወንበሬ ላይ እንዳለሁ ቀረሁ። ኦፌሊያ ገብታ ምን ሆንክ አለችኝ። «ተሳስቻለሁ» አልኳት። «በዚህ ቤት ይህ ቃል ሲነገር ገና ዛሬ ሰማሁ። ለኔ ምን ያደርግልኛል? ለሚገባት ሄደህ ንገራት» አለች።

ሄድኩ። ማላርጉዌ የደረስኩት ከምሳ በኋላ፣ ከተማው ሁሉ በሩን ዘግቶ በሚተኛበት ሰዓት ነው። የአይሌን እናት ዶኛ ኢርማ ዳቦ ቤት አላት፤ ተዘግቷል። ከፊት ለፊቱ ከመስኖው ቦይ ዳር፣ ከዛፉ ጥላ ሥር ተቀመጥኩ። ባርኔጣዬን በጉልበቴ ላይ አድርጌ ስጠብቅ በብስክሌት የሚያልፍ ሁሉ «እንደምን ዋሉ አባት» ይለኛል። ለምን እንደመጣሁ ቢያውቁ ሰላም ይሉኝ እንደሆነ እንጃ። ከቤት ያሰናዳሁት ንግግር ነበረኝ፤ እዚያ ስቀመጥ እያንዳንዱ ዓረፍተ ነገር ስለ ራሴ የሚያወራ ሆኖ አገኘሁት።

በሩ ሲከፈት ከባንኮኒው ጀርባ ያለችው ራሷ አይሌን ነች። ፀጉሯን በጨርቅ ጠቅልላለች። አየችኝ። የማታውቀኝ ይመስል፣ «ምን ልስጥዎት?» አለችኝ።

ንግግሬ ጠፋኝ። ዳቦ አልኳት። መዝና በወረቀት ጠቅልላ ሰጠችኝ፤ ተቀበልኩ። ከኋላዬ ሴቶች ገቡ። እኔ ዳቦዬን ታቅፌ መሃል ላይ ቀረሁ፤ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ባመሰገንኳት ነበር። ደግነቱ እናትየው ከውስጥ ወጣች። የልጇ መምህር ነኝ ስላት ደስ አላት። ልጅቷ ለካ ለቤተሰቧ የነገረቻቸው ትምህርቱ ከበደኝ ብላ ነው እንጂ የኔን ሥራ አልነገረችም። ዶኛ ኢርማ ክንዴን ይዛ ወደ ጓዳ አስገባችኝ፤ የፍየል ጥብስ አቀረበችልኝ፤ «ልጄ እንዲህ ያሉ ትልቅ ሰው ደክመው እስኪመጡላት ድረስ የምትረባ ናት ማለት ነው?» ብላ ጠየቀችኝ። ትረባለች አልኩ።

አይሌን ገበያው ሲቀዘቅዝላት መጣች። እናቷን ወደ ባንኮኒው ላከቻትና ሊጥ ከሚቦካበት ጠረጴዛ ማዶ ቆመች።

«ልክ ነበርሽ» አልኳት።

«አውቃለሁ፣ ፕሮፌ።»

«ስሌቱን ራሴ ሠራሁት።»

«እንዲሠሩት መለመኗን ዶክተር ኔሊዳ ጽፋልኛለች።»

ይህን ነገር አንቺ አልነገርሽኝም፤ ግድ የለም። ይቅርታ ልጠይቃት አፌን ስከፍት ቀደመችኝ። ድምጿ አሁንም ዝግ ያለ ነው።

«የእርስዎ ሳቅ ቤት ድረስ አልተከተለኝም» አለች። «የተከተለኝ የእኔ ቃል ነው። እርስዎ የሳቁት ባለማወቅ ነው። እኔ ተሳስቻለሁ ያልኩት እያወቅኩ ነው። ማንም ክንዴን አልጠመዘዘም።»

«ያስካድኩሽ እኔ ነኝ» አልኳት።

ቀና ብላ አየችኝ። «ይሄንንም አይውሰዱብኝ» አለች። «ዲግሪውን ትቼ ወጣሁ። ጥፋቴን እንኳ ለኔ ይተዉልኝ።»

ኔሊዳ፣ ይህን ያህል ዘመን ሳስተምር ለእንዲህ ያለ ቃል መልስ የሚሆን አንድም ነገር አላጠራቀምኩም። እሷው አዘነችልኝ መሰል፣ ዱቄት የተነፋበት ጠረጴዛ ላይ በጣቷ ሦስት ነጥብ አደረገች። ፈተናው ላይ ያልኩት ግማሹን ነበር አለች፤ ሁለት ሁለቱን ብቻ ይዤ ድንጋዩን ባወጣው ኒውክለሱ ከልክ በላይ ይጨማደዳል፣ ይህን ቢጠይቁኝ ኖሮ ያኔ መልስ አልነበረኝም፣ አሁን አግኝቼዋለሁ አለች። ሦስቱን ነጥቦች አገናኘቻቸው፤ የሦስቱ የጋራ ኃይል ምን እንደሚያደርግ አስረዳችኝ። አልገባኝም። ደግመሽ ንገሪኝ አልኳት። ደግማ ነገረችኝ። ያኔ ገባኝ።

ይህ ነው የሚያቃጥለኝ። ደህና ፈታኝ ብሆን ኖሮ የምጠይቃት ጥያቄ እሱ ነበር። እውነተኛ ጥያቄ እያለ እኔ ቀልድ መረጥኩ።

ተመለሽ፣ ውጤቱን አስለውጣለሁ አልኳት። ያስለውጡት፣ መመለሱን ግን አላውቅም አለች። ለእናቷ ልንገራት ወይ ስላት፣ «የመጡት ለእርስዎ እንዲቀልልዎ ከሆነ ይንገሯት» አለችኝ። አልነገርኳትም። ዶኛ ኢርማ እስከ አውቶቡሱ ሸኘችኝ፤ ለኦፌሊያ ብላ ኬክ አስያዘችኝ። እያመሰገነችኝ ተለያየን።

አንሴልሞ


ዳርምሽታት፣ ማርች 16 ቀን 2009

ውድ ዶን አንሴልሞ፣

ከማላርጉዌው ደብዳቤ በኋላ በላኩልኝ ሁለተኛ ደብዳቤ ላቀረቡልኝ ጥያቄ መልሴ አይሆንም ነው። መጥቼ ትምህርቱን አልረከብዎትም። ክብር ሆኖብኝ አይደለም፤ እዚህ ውል አለኝ የሚለውም ሰበብ ነው። እርስዎ ዛሬ ወንበሩን ለቅቀው ቤት ቢቀመጡ ተማሪዎቹ የሚማሩት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ የተሳሳተ መምህር ይጠፋል። ተሳስቶ የቆመ መምህር አይተው አያውቁም። እኔም አላየሁም።

ከምን ልጀምር ላሉኝ፣ የሚነበበውን በቅደም ተከተል ለብቻ ልኬያለሁ። ያልገባዎትን ይጻፉልኝ። እኔም ያልገባኝ ብዙ አለ፤ አልገባኝም ብዬ እጽፍልዎታለሁ። ከእንግዲህ የማላምንበትን ምስጋና ከእኔ አያገኙም፤ ይህን እንደ አክብሮት ይቁጠሩልኝ።

ለፔራልታ ጻፍኩ። ያ አስተያየቴ ውሸት እንደነበረ፣ ለምን እንደዋሸሁም ገለጽኩለት። በአንድ መስመር መለሰልኝ፤ «ዶክተር፣ ያለፈውን ምን አስቆፈረሽ» ይላል። ደብዳቤዬን ለመምህራኑ ጉባኤ እንዲያነበው ጠይቄዋለሁ። ሲነበብ እርስዎ እዚያ እንደሚሆኑ አውቃለሁ፤ ስለ ትምህርትዎ የጻፍኩት ያማል። ቀድሜ ልንገርዎ ብዬ ነው።

አይሌን ጽፋልኛለች። ምን እንዳለችኝ ጠይቀውኛል። አደራ ስላለችኝ አልነግርዎትም። አደራ መብላት ይብቃኝ። ይህን ብቻ፦ መማሯን አልተወችም።

ዶኛ ኦፌሊያን ይሳሙልኝ። ስለ ሹራቡ አትቸኩል ይበሏት፤ በረዶውም እየቀለጠ ነው።

ኔሊዳ


ሳን ራፋኤል፣ ኤፕሪል 8 ቀን 2009

ውድ ኔሊዳ፣

ከመልካሙ ልጀምር ብዬ ነበር፤ የቱ መልካም እንደሆነ መለየት ስላቃተኝ እንደሆነው እነግርሻለሁ።

ጉባኤው ተቀመጠ። ፔራልታ ከስብሰባው በፊት ወደ ኮሪደሩ ጠርቶኝ፣ «ተወው አንሴልሞ፣ ልጅቷ ራሷ ተሳስቻለሁ ብላለች። በስተርጅና ስምህን ለምን ታጎድፋለህ? የተቋሙስ ስም?» አለኝ። ልጅቷ ስትፈተን አብሮኝ እንደሳቀ አስታወስኩት። «አንተ ስለሳቅህ ነዋ የሳቅሁት» አለኝ። ያን ጊዜ ነው የሳቄ ክብደት የገባኝ። ፊዚክሱን አመዛዝኖ የሳቀ ሰው በዚያ ክፍል ውስጥ አልነበረም። ሁሉም የሳቁት የኔን ፊት አይተው ነው።

ያንቺ ደብዳቤ ተነበበ። ትምህርቴ ከዘመኑ ወደኋላ መቅረቱን ስትጽፊ ምንም አልቀባባሽውም። ባልደረቦቼ ጫማቸውን ሲያዩ እኔ የማነብበት ወረቀት ይዤ ተነሳሁ። ልጅቷ ትክክለኛ መልስ እንደሰጠች፣ ባለማወቄ እንደሳቅሁባት፣ ፈርታ ቃሏን ባጠፈች ጊዜም ፍርሃቷን እንደ ድንቁርና ቆጥሬ እንደጣልኳት ተናገርኩ። አንዱ አረጋዊ ባልደረባ ተነስቶ «ሁላችንም ላይ የሚደርስ ነው» አለ፤ ሊያጽናናኝ ነው። አይደለም አልኩት፤ በሷ ላይ ነው የደረሰው። ውጤቱ ተሰረዘ። በሌሎች ፈታኞች ፊት እንደገና እንድትቀርብ ተፈቀደላት፤ የይቅርታ ደብዳቤም በተቋሙ ማኅተም ወጣላት።

አትመጣም። ደርሶኛል ብላ ጽፋልኛለች፤ ጨዋ፣ አጭር ጽሑፍ ናት። ኮርዶባ ሄዳ ካቆመችበት ልትቀጥል ነው። ቂም ይዛኝ እንዳልሆነ፣ ግን በዚያ ሰሌዳ ፊት ዳግመኛ ብትቆም ከመናገሯ በፊት ፊቴን እንደምታይ ጽፋለች። «ፊት ሳላይ መናገር መልመድ እፈልጋለሁ» ትላለች። አደራሽ ይህ ነበር መሰለኝ። ማርኩዎት አላለችም፤ አልማርኩዎትምም አላለችም። ኦፌሊያ፣ ደግ አደረገችህ፣ ቶሎ ማርኩህ ብትልህ ቶሎ ትረሳው ነበር አለችኝ።

ክፍሉን ጀመርኩት ወይ ላልሽው፣ ጀመርኩት። ባዶ እጄን ገባሁ። ወሬው ከኔ ቀድሞ ስለገባ ተማሪዎቹ አንገታቸውን ደፍተው ነው የጠበቁኝ። ዘንድሮ ከማስተምራችሁ ውስጥ ግማሹን ገና እየተማርኩት ነው፣ አብረን እናነበዋለን አልኳቸው። ማንም አላጉረመረመም፣ ማንም ፈገግ አላለም።

የሆነው ነገር በሦስተኛው ትምህርት ላይ ነው። ሰሌዳውን በስሌት ሞልቼ ስዞር፣ ባውቲስታ የሚባል ረጅም ተማሪ እጁን በግማሽ አነሳ። «ፕሮፌ፣ ሁለተኛው መስመር ላይ ምልክቱ የተገለበጠ ይመስለኛል» አለ። ከጎኑ የተቀመጠችው እጅጌውን ስትጎትተው አየኋት።

መስመሩን አየሁት። ትክክል ነበር። የተምታታው እሱ ነው፤ ባንድ ዓረፍተ ነገር፣ ቀልድ ጨምሬ፣ ላስቀምጠው እችል ነበር። አፌ ላይም መጥቶልኝ ነበር።

«እስቲ ና፣ አብረን እንየው» አልኩና ጠመኔውን ሰጠሁት። ከመጀመሪያው መስመር ጀመርን። ቀስ እያለ ሠራው፤ መሃል ላይ ሲቆም ጓደኞቹ ከመቀመጫቸው አገዙት። የቀረው ጊዜ በሙሉ በዚያ አለቀ፤ ያሰብኩትን ትምህርት ሳላስተምር ቀረሁ። በመጨረሻ ራሱ ደረሰበትና «አይ፣ ልክ ነበር» አለ። ፊቱ ቀላ። ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ፤ ይሳቅ እንደሆነ፣ አይሳቅ እንደሆነ ለማወቅ።

«መጠርጠርህ ጥሩ ነው። ነገም ከጠረጠርህ ተናገር» አልኩት። ወደ ቦታው ሲመለስ ያቺ እጅጌውን ስትጎትት የነበረችው ደብተሯን ገለጠችና፣ እኔም አንድ ያልገባኝ አለ አለች።

እንኳን ደስ ያለዎት እንደምትዪኝ አውቃለሁ፤ ተዪው። ከክፍሉ ስወጣ ደስ ይለኛል ብዬ ጠብቄ ነበር። በረንዳው ላይ ስደርስ ግን እንደዚያ ቀን አፍሬ አላውቅም፤ ማላርጉዌ ዳቦ ታቅፌ ስቆምም እንደዚያ አላፈርኩም። ለዚያ ልጅ ጠመኔ ለመስጠት ምንም አዲስ ነገር ማንበብ አላስፈለገኝም። ያንቺ ማስታወሻም፣ ስሌቱም፣ በጋውን ሙሉ ያጠናሁት ሁሉ አላስፈለገኝም። ያን ያህሉን አይሌን ፊቴ በቆመችበት በዲሴምበርም አውቀው ነበር።

አንሴልሞ